ሁሉም «አስቸኳይ» ሲሆን

የዛሬ ሦስት ዓመት ግድም ነው። ከሦስት ጓደኞቼ ጋር ሆኜ ለመመረቂያ የሚሆነንን የኮምፒዩተር ፕሮግራም እንሠራ ነበር። ፕሮግራሙ ለአንድ ክሊኒክ የታሰበ ሲሆን፣ በሽተኛው ጎሕ ሳይቀድ መጥቶ በር ላይ በመሰለፍ ፈንታ ከቤቱ ሳይወጣ በስልኩ ተራ እንዲይዝ የሚያደርግ ነበር። አራት ወር ተሰጠን። አራት ወር ለአራት ጎረምሶች ብዙ ጊዜ ነው፤ ቢያንስ ለእኛ እንደዚያ መስሎን ነበር።

በመጀመሪያው ወር የመግቢያውን ገጽ አሳመርን። ቀለሙን አምስት ጊዜ ለዋወጥነው። በሁለተኛው ወር አንደኛው ጓደኛችን ገጹ በሦስት ቋንቋ እንዲነበብ ለማድረግ ደከመ፤ ሌላው የክሊኒኩን ምልክት ሣለ፤ ሦስተኛው ለበሽተኛው የማስታወሻ መልእክት የሚልከውን ክፍል ጀመረ፤ እኔ ደግሞ ወርኃዊ ሪፖርት የሚያወጣውን ክፍል ያዝሁ። ዋናው ጉዳይ፣ ማለትም ተራ መያዙ፣ ከባድ ስለ ነበረ ሁላችንም እየሸሸነው «በኋላ እንደርስበታለን» እንባባል ነበር። ታዲያ «በኋላ» የሚባለው ነገር ሳይታሰብ ይደርሳልና የፈተናው ቀን መጣ።

ከፈታኞቹ አንዱ፣ ጠጉራቸው የሸበተ መምህር፣ መነጽራቸውን አስተካክለው «እስቲ እኔ በሽተኛ ነኝ እንበል፤ ለሐሙስ ጧት ተራ ስጡኝ» አሉን። እርስ በርሳችን ተያየን። ገጹ ያምራል፤ በሦስት ቋንቋም ይናገራል፤ ተራ ግን አይሰጥም። መምህሩም ሳይቈጡ «ልጆቼ፣ በሩን አሳምራችሁ ሠርታችኋል፤ ቤቱ ወዴት አለ?» አሉ።

ያን ቀን ያዋረደን የዕውቀት ማነስ አልነበረም። የትጋት ማነስም አልነበረም፤ እንቅልፍ አጥተን የሠራንባቸው ሌሊቶች ብዙ ናቸው። የጎደለን አንድ ነገር ብቻ ነው። ይኸውም፣ ከብዙው ሥራ መካከል የትኛው ይቅደም፣ የትኛው ይከተል፣ የትኛውስ ጨርሶ ይቅር የሚለውን ቈርጦ መወሰን ነው። ይህ ጉዳይ ደግሞ የተማሪ ጉዳይ ብቻ አይደለም። ዛሬ በየመሥሪያ ቤቱ አገልግሎት ወደ ኮምፒዩተር እየተዛወረ ነው። ፕሮግራም የሚጽፈው ባለሙያው ቢሆንም «ይህን ሥራልኝ፣ ያንን አስቀድምልኝ» እያለ የሚያዘው አብዛኛውን ጊዜ ወጣቱ ሹም ነው። ስለዚህ ነገሩን ሁለቱም ቢያውቁት ይጠቅማል ብዬ ይህን ጻፍሁ። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመተ ምሕረቶች ሁሉ እንደ አውሮጳ አቈጣጠር ናቸው።

ሃምሳ ሎሚና ሃምሳ ሰው

የኮምፒዩተር ፕሮግራም ሥራ በቅደም ተከተል እጦት መታመም የጀመረው ገና በጧቱ ነው። በጥቅምት ወር 1968 በጀርመን አገር ጋርሚሽ በተባለች ከተማ፣ በሰሜን አትላንቲክ ቃል ኪዳን ድርጅት ጥሪ አንድ ጉባኤ ተሰብስቦ ነበር። የተሰበሰቡት ሊቃውንት የተነጋገሩበት ዋና ጉዳይ ትላልቅ ፕሮግራሞች ለምን ከቀጠሯቸው እንደሚዘገዩ፣ ለምን ከተመደበላቸው ገንዘብ በላይ እንደሚፈጁ፣ ለምንስ ተጠናቀቁ ከተባሉ በኋላ በስሕተት እንደሚሞሉ ነበር። «የሶፍትዌር ምሕንድስና» የሚለውም ስም በሰፊው የታወቀው ከዚያ ጉባኤ ወዲህ ነው።

በዚያው ዘመን ፍሬደሪክ ብሩክስ የተባለ አሜሪካዊ፣ አይ ቢ ኤም የተባለው ኩባንያ በ1964 ለዓለም ላስታወቃቸው «ሲስተም 360» ለሚባሉት ኮምፒዩተሮች ዋናውን ፕሮግራም የሚያሠራ ኀላፊ ነበር። ሥራው ዘገየ። ሲዘገይ ሰው ተጨመረ፤ ሰው ሲጨመር ደግሞ ይብሱን ዘገየ። ብሩክስ ከዚህ ያገኘውን ትምህርት በ1975 ባሳተመው መጽሐፍ ገለጸው። ፍሬ ነገሩም፣ በዘገየ ፕሮግራም ላይ ሰው መጨመር ይበልጥ ያዘገየዋል የሚል ነው።

ይህ ለእኛ ለኢትዮጵያውያን በመጀመሪያ ሲሰሙት እንግዳ ነገር ነው። «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» እየተባልን አድገናልና። ተረቱ ለሎሚ እውነት ነው። ሎሚ ተሸካሚው ከጎኑ ካለው ሎሚ ተሸካሚ ጋር መነጋገር አያስፈልገውም። ፕሮግራም ግን እንዲህ አይደለም፤ አንዱ የሚጽፈው ሌላው ከጻፈው ጋር መግጠም አለበት። ሦስት ሰዎች ቢሆኑ እርስ በርስ የሚነጋገሩባቸው መንገዶች 3 ናቸው። አሥር ሲሆኑ 45 ይሆናሉ። ሃምሳ ሲሆኑ ግን 1,225 ይደርሳሉ። አዲሱን ሰው ማስተማርም ከነባሩ ሠራተኛ ጊዜ ላይ የሚቀነስ ነው። ከዚህም የተነሣ፣ ሥራ ሲዘገይ መጀመሪያ የሚጠየቀው ጥያቄ «ስንት ሰው እንጨምር?» ሳይሆን «ከዚህ ውስጥ የትኛውን እናስቀድም፣ የትኛውን እናቈይ?» መሆን አለበት።

የስድስት ሰው ቀን

አንባቢ ሆይ፣ ይህ ሁሉ የመጻሕፍት ወሬ ነው እንዳትል፣ በቅርብ ዘመን በአሜሪካ የደረሰውን አንድ ታሪክ ላጫውትህ።

በመጋቢት ወር 2010 ፕሬዚዳንት ኦባማ ስለ ጤና መድን የወጣውን ሕግ ፈረሙ። በሕጉም መሠረት መድን የሌለው ሰው በኢንተርኔት ገብቶ፣ የልዩ ልዩ ኩባንያዎችን ዋጋ አመዛዝኖ የሚመዘገብበት ድረ ገጽ እንዲሠራ ተወሰነ። የራሳቸውን ድረ ገጽ ላላቋቋሙ 36 ስቴቶች የሚያገለግለው «ኸልዝኬር ዶት ገቭ» የተባለው ገጽ ጥቅምት 1 ቀን 2013 ተከፈተ። ሕዝቡ እንደ ጎርፍ መጣ። ገጹም ወዲያው ተዘጋጋ። በዚያ በመጀመሪያው ቀን ምዝገባውን እስከ መጨረሻው ለመፈጸም የቻሉት ሰዎች ስድስት ብቻ መሆናቸው በኋላ በወጡ የስብሰባ ማስታወሻዎች ታወቀ። ስድስት መቶ ወይም ስድስት ሺህ አላልሁም፤ ስድስት ሰው ነው።

ለመሆኑ ምክንያቱ ምን ነበር? ምክንያቱ ብዙ ነው፤ ነገር ግን አንዱ በቀጥታ የዛሬውን ጉዳያችንን ይነካል። በመጀመሪያው ዕቅድ፣ ሰው ስሙን ሳይሰጥ እንደ ገበያ ሰው ዋጋውን ብቻ አይቶ የሚመለስበት ክፍል ታስቦ ነበር። ቀኑ ሲቃረብ ይህ ክፍል እንዲቈይ ተደረገ። በዚህ የተነሣ ዋጋ ለማየት ብቻ የመጣው ሰው ሁሉ አስቀድሞ ስሙን፣ አድራሻውንና ልዩ ልዩ ማስረጃ እየሰጠ መመዝገብ ግዴታ ሆነበት። የምዝገባው ክፍል ደግሞ ከሁሉ ይልቅ ደካማው ክፍል ነበር። እንግዲህ ባንድ ጠባብ በር ላይ ገዢውም ጠያቂውም ተመልካቹም ባንድነት ተጋፉበት ማለት ነው። የትኛው ክፍል ይቅር፣ የትኛው ይቅደም የሚለው ውሳኔ እንደ ቀላል ነገር ቢታይም የገጹን ዕጣ የሚወስን ሆኖ ተገኘ።

ሥራውን ደግሞ የያዙት ብዙ ተቋራጮች ነበሩ። እያንዳንዱ የራሱን ድርሻ ያውቃል፤ ጠቅላላውን የሚያየውና «ይህ ይቅደም» የሚለው ግን አንድ ሰው አልነበረም። «የኔ ክፍል ደኅና ነው» የሚል መልስ ከየአቅጣጫው ይሰማ ነበር። ገጹ በምን ሁኔታ እንዳለ ባንድ እይታ የሚያሳይ የመቈጣጠሪያ ሰሌዳ እንኳን አልነበረም።

በጥቅምት ወር አጋማሽ ገደማ ገጹን ለማዳን ጥቂት ባለሙያዎች ተጠሩ። ከእነርሱም አንዱ የጉግል ኩባንያ መሐንዲስ የነበረው ማይኪ ዲከርሰን ነው። አንባቢ የሚጠብቀው ምናልባት እነዚህ ሰዎች አዲስ ተአምር ይዘው መጡ የሚል ይሆናል። ነገሩ እንደዚያ አልነበረም። በየቀኑ ጧትና ማታ ቆመው ይሰበሰቡ ጀመር። ለስብሰባውም ሦስት ደንብ ወጣ። የመጀመሪያው፣ ስብሰባው ችግር የሚፈታበት እንጂ ጥፋተኛ የሚፈለግበት አይደለም የሚል ነው። ሁለተኛው፣ መናገር ያለበት ጉዳዩን አብልጦ የሚያውቀው ሰው እንጂ ማዕርጉ ከፍ ያለው ሰው አይደለም የሚል ነው። ሦስተኛውና ለእኛ ጉዳይ ዋናው፣ በሚቀጥሉት 24 ወይም 48 ሰዓቶች ውስጥ ጉዳት ሊያደርስ በሚችለው ነገር ላይ ብቻ እናተኵር የሚል ነው።

በዚህም ሁኔታ መጀመሪያ የመቈጣጠሪያ ሰሌዳውን ሠሩ፤ የታመመውን ቦታ ሳያዩ መድኀኒት መስጠት አይቻልምና። ቀጥሎም ገጹ ለያንዳንዱ ጥያቄ ወደ ትልቁ የመረጃ ማከማቻ እየተመላለሰ ጊዜ መፍጀቱን አዩ። ይህን የሚያህል ነገር በመሥሪያ ቤታችን እንደምናየው ነው። ተላላኪው በየደቂቃው ያንኑ ፋይል ለማምጣት መዝገብ ቤት ድረስ ሲመላለስ ቢውል ሥራው ይቆማል። ብዙ ጊዜ የሚፈለገው ፋይል ግን ጠረጴዛው ላይ ቢቀመጥ ድካሙ ይቀራል። እነርሱም ይህንኑ አደረጉ። ጥቅምት 22 ቀን ማታ አንድ ገጽ ለመከፈት ይፈጅ የነበረው ጊዜ ከ8 ሴኮንድ ወደ 2 ሴኮንድ ወረደ። ጥቅምት 25 ቀን ደግሞ ከተቋራጮቹ አንዱ የሁሉም የበላይ ተቈጣጣሪ እንዲሆን ተደረገና «ማን ይወስን?» የሚለው ጥያቄ መልስ አገኘ።

የስሕተቱ ዝርዝር ረጅም ነበር። ሁሉን ባንድ ጊዜ ለማቃናት ግን አልሞከሩም። ብዙ ሰው የሚያስቆመውን ከላይ፣ ጥቂቱን የሚያስቸግረውን ከታች እያደረጉ በየቀኑ ዝርዝሩን ደረደሩት። እስከ ታኅሣሥ 1 ቀን 2013 ድረስ ከ400 በላይ ስሕተቶች መታረማቸውንና ገጹ 50,000 ሰው ባንድ ጊዜ ለማስተናገድ መብቃቱን መንግሥቱ አስታወቀ። በሚያዝያ ወር 2014 ደግሞ በፌዴራሉ ገጽና ስቴቶቹ ራሳቸው ባቋቋሟቸው ገጾች በኩል የተመዘገበው ሕዝብ 8 ሚሊዮን መድረሱ ተነገረ። በመጀመሪያው ቀን ስድስት ሰው ያስተናገደ ቤት ማለት ነው።

አስቸኳይና አስፈላጊ

በመሥሪያ ቤት የሚውል ሰው ሁሉ የሚያውቀው አንድ ቀይ ማኅተም አለ፤ «አስቸኳይ» ይላል። ማኅተሙ በመጀመሪያው ሳምንት ባንድ ፋይል ላይ ይመታል፤ ያ ፋይልም ፈጥኖ ይፈጸማል። ይህን ያየ ሁሉ በሁለተኛው ሳምንት ማኅተሙን እየተዋሰ ይመታል። በወሩ መጨረሻ በጠረጴዛው ላይ ያለው ፋይል በሙሉ «አስቸኳይ» ሆኖ ይገኛል። ያን ጊዜ ማኅተሙ ትርጕሙን ያጣል። ሁሉም አስቸኳይ ሲሆን አስቸኳይ የሚባል ነገር የለም።

ፕሬዚዳንት አይዘንሃወር በ1954 በኤቫንስተን ከተማ ባደረጉት ንግግር ከአንድ የቀድሞ የኮሌጅ ፕሬዚዳንት የሰሙትን ጠቅሰው፣ አስቸኳይ የሆነውና አስፈላጊ የሆነው ነገር ብዙ ጊዜ አንድ አለመሆኑን አስረድተው ነበር። በኋላ ስቲቨን ከቪ በ1989 ባሳተመው ዝነኛ መጽሐፍ ይህንኑ ሐሳብ በአራት ማዕዘን ሠንጠረዥ አደራጀው። አስቸኳይም አስፈላጊም የሆነውን ዛሬውኑ ሥራ፤ አስፈላጊ ሆኖ የማያስቸኵለውን ቀን ቈርጠህ ያዝ፤ አስቸኳይ መስሎ አስፈላጊ ያልሆነውን ለሌላ አሳልፍ ወይም አሳጥር፤ ሁለቱንም ያልሆነውን ተወው። በእኛ የመመረቂያ ሥራ ላይ ተራ መያዙ አስፈላጊ ነበር፤ ግን «አስቸኵያለሁ» ብሎ አልጮኸብንም። የጮኸብን ቀለሙ ነበር።

ፕሮግራም ሠሪዎች ደግሞ የራሳቸው ማበጠሪያ አላቸው። ኦራክል በተባለው ኩባንያ ይሠራ የነበረው ዳይ ክሌግ በ1994 ያወጣው ዘዴ ሥራውን ሁሉ በአራት ይከፍለዋል። እነርሱም፣ የግድ መኖር ያለበት፣ ቢኖር የሚገባው፣ ቢኖር ደስ የሚያሰኝ፣ ለአሁኑ ግን የሚቀር ናቸው። ዘዴውን የሚሠሩበት ሰዎች አንድ ብልኀት ጨምረውበታል። «የግድ» የተባለው ክፍል ከጠቅላላው ድካም ከ60 በመቶ እንዳይበልጥ ይመክራሉ። ምክንያቱም «የግድ» የሚለው ስም ወሰን ካልተደረገለት እንደዚያ ቀይ ማኅተም ሁሉን ይውጣል። የአራተኛውም ክፍል ጥቅም ቀላል አይደለም። አንድ ነገር «ለአሁኑ ይቀራል» ተብሎ በግልጽ ከተጻፈ፣ ጠያቂው በከንቱ አይጠብቅም፤ ሠራተኛውም በሐሳብ አይከፋፈልም።

ሒሳቡን እንየው

«ቅደም ተከተል ቢለዋወጥ ምን ይጐዳል? ሁሉም ሥራ በመጨረሻ ይሠራ የለምን?» የሚል ሰው አይጠፋም። ለዚህ መልሱ ሒሳብ ነው።

ሦስት ሥራዎች አሉን እንበል። የመጀመሪያው 8 ሳምንት ይፈጃል፤ በዘገየ ቍጥር በሳምንት 4 ሺህ ብር ያሳጣል። ሁለተኛው 2 ሳምንት ይፈጃል፤ በሳምንት 3 ሺህ ብር ያሳጣል። ሦስተኛው 1 ሳምንት ይፈጃል፤ በሳምንት 2 ሺህ ብር ያሳጣል። ብዙ ኀላፊ ትልቁ ሥራ ይቅደም ይላል። ትልቁን አስቀድመን በተራ ብንሠራ፣ የመጀመሪያው በ8ኛው ሳምንት፣ ሁለተኛው በ10ኛው፣ ሦስተኛው በ11ኛው ይፈጸማል። የሚታጣው ገንዘብ 32፣ 30 እና 22 ሺህ፣ ባንድነት 84 ሺህ ብር ይሆናል። አሁን ቅደም ተከተሉን ገልብጠን ከትንሹ እንጀምር። ትንሹ በ1ኛው ሳምንት፣ መካከለኛው በ3ኛው፣ ትልቁ በ11ኛው ይፈጸማል። የሚታጣውም 2፣ 9 እና 44 ሺህ፣ ባንድነት 55 ሺህ ብር ነው። ሠራተኞቹ እነዚያው ናቸው፤ ጊዜውም ያው 11 ሳምንት ነው። ቅደም ተከተሉ ብቻ 29 ሺህ ብር አዳነ።

ደንቡ እንግዲህ እንዲህ ነው። የያንዳንዱን ሥራ የመዘግየት ጉዳት ሥራው ለሚፈጀው ጊዜ አካፍል፤ ድርሻው የበለጠውን አስቀድም። ይህን ስሚዝ የተባለ ተመራማሪ በ1956 በሒሳብ አረጋግጦታል። ዶናልድ ራይነርትሰን ደግሞ በ2009 ባወጣው መጽሐፍ ለአዳዲስ ምርት ሠሪዎች በሰፊው አስተምሮታል። በርግጥ የመዘግየትን ጉዳት በትክክል መገመት ይቸግራል። ነገር ግን ጥያቄውን መጠየቁ ብቻ «የማን ድምፅ ይጮኻል?» ከሚለው ልማድ ያላቅቃል።

ሁለት እግርና ሁለት ዛፍ

ቅደም ተከተሉ ከታወቀ በኋላ አንድ ሌላ ፈተና አለ። ይኸውም ብዙ ሥራ ባንድ ጊዜ የመጀመር ፍቅር ነው። አባቶቻችን «ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ ላይ አይወጣም» ያሉት ለዚህ ይመስለኛል።

የቶዮታ ኩባንያ መሐንዲስ የነበረው ታኢቺ ኦኖ፣ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በነበሩት ዓመታት፣ ፋብሪካው ያልተፈለገ ዕቃ እያመረተ እንዳያከማች አንድ ዘዴ አወጣ። ሐሳቡን ያገኘው በአሜሪካ ከሚገኙት ትላልቅ ሸቀጥ መደብሮች አሠራር ነው። በእነዚያ መደብሮች መደርደሪያው ላይ የሚተካው ገዢው ያነሣው ያህል ብቻ ነው። ኦኖም በፋብሪካው ውስጥ የሚቀጥለው ክፍል ካርድ ካልላከ በቀር ያለፈው ክፍል እንዳያመርት አደረገ። ካርዱ በጃፓንኛ «ካንባን» ይባላል። ከ2004 ጀምሮ ዴቪድ አንደርሰን የተባለ ባለሙያ ይህን ሐሳብ ወደ ፕሮግራም ሥራ አመጣው። በግድግዳ ላይ ሰሌዳ ይሰቀላል፤ «የሚሠራ»፣ «በሥራ ላይ ያለ»፣ «የተፈጸመ» የሚሉ ዐምዶች ይሠመሩበታል። ሥራው ሁሉ በወረቀት ተጽፎ ይለጠፍበታል። ምስጢሩ ያለው በመካከለኛው ዐምድ ነው። በዚያ ውስጥ ሊገባ የሚችለው ሥራ ቍጥሩ የተወሰነ ነው። አንዱ ካልወጣ ሌላው አይገባም።

ይህም በሒሳብ የተደገፈ ነው። ጆን ሊትል በ1961 ባረጋገጠው ሕግ መሠረት፣ አንድ ሥራ በአማካይ የሚቈይበት ጊዜ በእጅ ያለው ሥራ ብዛት በየሳምንቱ ለሚፈጸመው ቍጥር ሲካፈል የሚገኘው ነው። በእጃችን 12 ሥራ ቢኖርና በሳምንት 3 ብንፈጽም፣ እያንዳንዱ ሥራ 4 ሳምንት ይቈያል። ፍጥነታችን ሳይለወጥ በእጃችን ያለውን ወደ 6 ብናወርደው፣ እያንዳንዱ በ2 ሳምንት ይፈጸማል። ባለጉዳዩ ወር የሚጠብቀው ሠራተኛው ስለ ሰነፈ ብቻ አይደለም፤ ብዙ ጊዜ ሠራተኛው ሁሉን ስለ ጀመረ ነው።

ቀስ በቀስ

ሦስተኛው ነገር ሥራን በአጫጭር ዙር መከፋፈል ነው። በቀድሞው ልማድ ፕሮግራም የሚሠራው እንደ ፏፏቴ ነበር። መጀመሪያ ፍላጎቱ በሙሉ ይጻፋል፤ ቀጥሎ ንድፉ ይነደፋል፤ ከዚያ ፕሮግራሙ ይጻፋል፤ በመጨረሻ ይፈተናል። ዊንስተን ሮይስ በ1970 ባቀረበው ጽሑፍ ይህን ቅደም ተከተል በሥዕል አሳይቶ ነበር። የሚያስገርመው ግን፣ ሮይስ ራሱ በዚያው ጽሑፍ እንዲህ ባለ ቀጥተኛ መንገድ መሄድ አደገኛ መሆኑን አስጠንቅቆ ነበር። ብዙዎች ሥዕሉን ወሰዱ፤ ማስጠንቀቂያውን ግን ተዉት።

ጄፍ ሰዘርላንድና ኬን ሽዌበር በ1990ዎቹ «ስክረም» የሚባለውን ዘዴ አደራጁ። በዚህ ዘዴ አንድ ጓድ ከአንድ ወር ያልበለጠ ዙር ይይዛል። በዙሩ መጀመሪያ ከዝርዝሩ አናት ላይ አቅሙ የፈቀደውን ይወስዳል፤ በመጨረሻውም የሚሠራ ነገር ለባለጉዳዩ ያሳያል። የዝርዝሩን ቅደም ተከተል የሚወስነው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ በኮሚቴ አይወሰንም። በየካቲት 2001 ደግሞ 17 ባለሙያዎች በአሜሪካ ዩታ ስቴት ስኖውበርድ በተባለ ተራራማ ቦታ ተሰብስበው «አጃይል» የተባለውን መግለጫ አወጡ። የመግለጫው መንፈስ፣ ዕቅድን በጭፍን ከመከተል ለለውጥ መልስ መስጠት ይሻላል የሚል ነው። «ቀስ በቀስ ዕንቍላል በእግሩ ይሄዳል» እንደሚባለው፣ ትንሽ ግን በእግሩ የሚሄድ ነገር በየጊዜው ማቅረብ ይበልጣል ማለት ነው።

የሆነ ሆኖ ዘዴውን እንደ ታቦት የሚሸከሙትን ሰዎች ማስጠንቀቅ ይገባል። የጧቱ የቁም ስብሰባ በአንዳንድ ቦታ ወደ ስም መጥሪያነት ተለውጧል። በሰሌዳው ላይ ወረቀት ማዘዋወሩ ራሱ እንደ ሥራ የሚቈጠርበት ቦታም አለ። ዘዴ አገልጋይ ነው፤ ጌታ ሲሆን አያምርበትም። እንዲሁም አውሮፕላን የሚቈጣጠር ፕሮግራም «ጥቂት እንሥራና ሰው ተሳፍሮበት እንየው» አይባልበትም። እዚያ አስቀድሞ ማሰብና መመርመር ከፍጥነት ይቀድማል።

ሌላም መዘንጋት የማይገባው ነገር አለ። የማይታየው ሥራ ጠበቃ የለውም። በጥድፊያ የተጻፈ ፕሮግራም ይሠራል፤ ነገር ግን ውስጡ የተተበተበ ይሆናል። ዋርድ ከኒንግሃም በ1992 ይህን ከዕዳ ጋር አመሳሰለው። ዕዳ ሥራን ያፋጥናል፤ ነገር ግን ካልተከፈለ ወለዱ እያደገ ሄዶ ኋላ እያንዳንዱን ትንሽ ለውጥ ያስወድዳል። ባለጉዳይ «ውስጡን አጽዱልኝ» ብሎ ማመልከቻ አይጽፍም። ስለዚህ ብልኅ ኀላፊ በየዙሩ ለዚህ ሥራ ጥቂት ጊዜ ይለይለታል። «ሳይቃጠል በቅጠል» የተባለው ለእሳት ብቻ አይደለም።

«አይሆንም» የሚል ሹም

በመጨረሻ፣ ከዚህ ሁሉ ዘዴ በታች ያለው መሠረት የባሕርይ ጉዳይ ነው ብል የተሳሳትሁ አይመስለኝም። ቅደም ተከተል ማውጣት ማለት አንዱን ማስቀደም ብቻ አይደለም፤ ሌላውን ማስጠበቅ ጭምር ነው። ማስጠበቅ ደግሞ ሰው ያስቀይማል። ለዚህም ነው ብዙ ኀላፊ ለሁሉም «እሺ ነገ» እያለ የሚሸኘው። «እሺ ነገ» ጨዋነት ይመስላል፤ ዳሩ ግን ጠያቂውን በተስፋ፣ ሠራተኛውን በሸክም የሚቀጣ ነው። «ይህ ለአሁኑ አይሆንም፤ ምክንያቱም ከእርሱ በፊት ይህኛው አለ» የሚል ሹም ለጊዜው ይጠላ ይሆናል፤ ኋላ ግን ቃሉ ይታመናል።

ወጣት ወንድሜ፣ እኅቴም ሆይ፣ ነገ ጧት ሥራ ስትጀምሩ ሦስት ጥያቄ ብቻ ጠይቁ። ይህ ሥራ ቢቀር የሚቆመው ማን ነው? ቢዘገይ በሳምንት ምን ይጐዳል? በእጄ ካለው ውስጥ ይህን ከመጀመሬ በፊት የምፈጽመው የትኛውን ነው? ለእነዚህ መልስ ካገኛችሁ ሰሌዳውም፣ ካርዱም፣ ስክረሙም ይጠቅማችኋል። ካላገኛችሁ ግን ሁሉም ጌጥ ነው።

ያ ሽበታም መምህር ፈተናውን በሦስት ሳምንት አራዘሙልን። በዚያ ሦስት ሳምንት ቀለሙን ነቀልን፤ ሁለቱን ቋንቋዎች ተውናቸው፤ ሪፖርቴንም በገዛ እጄ አጠፋሁት። አራታችንም በአንዲት ጉዳይ ላይ ተቀመጥን። በቀጠሮው ቀን ያቀረብነው ገጽ ነጭ ወረቀት የመሰለ፣ ጌጥ የሌለው ነበር። መምህሩ ስማቸውን ጻፉ፤ ሐሙስን መረጡ፤ አንድ ጊዜ ተጫኑት። ከገጹም ላይ «ሐሙስ፣ 3 ሰዓት፣ ተራ ቍጥር 1» የሚል ወጣ። ቀና ብለው አዩንና «እንግዲህ አሁን ቀለም ቀቡት» አሉን።